ለልቦለድ ማኅበር የዘመን መነሻ፦ «ዛሬ አንድ» ያለው ማን ነው?

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

ሰላም ለሁላችሁ። ልቦለድ እየጻፍኩ ነው፤ አንድ ነገር ላይ ተጣብቄ ቀርቻለሁ።

አገሩ የትም የሌለ አገር ነው። ጨዋማ ሐይቅ አለ፣ መሐሉ ላይ ደሴት፣ ደሴቱ ላይ ደግሞ ገዳም የሚመስል ማኅበር። «የጥላ ጠባቂዎች» ይባላሉ። ሥራቸው ቀን መቁጠር ብቻ ነው። አያርሱም፣ አይነግዱም። ፀሐይ አናት ላይ ስትደርስ በየቀኑ አንድ ጭረት ድንጋይ ላይ ይጭራሉ። በሐይቁ ዳር ያሉት ጨው ቆራጮች ይቀልቧቸዋል፤ «ዛሬ ስንት ነው?» ብለው የሚጠይቁትም እነሱን ነው።

ሁሉም የተነሳው ከአንድ ጭረት ነው። መሥራቿ እናት ደሴቱ ላይ በትሯን ተከለች። እኩለ ቀን ሲሆን በትሩ ጥላ አጣ። «ዛሬ አንድ» አለችና ጫረች። ያ ቦታ ቅዱስ ነው፤ ጫማ ሳያወልቁ አይረገጥም። ከዚያ ጭረት በፊት የሆነ ነገር ሁሉ በነሱ ዘንድ ዘመን የለውም።

ችግሩ፣ ምዕራፉን መልሼ ሳነበው ይጎረብጠኛል። ሰው እውነት እንዲህ ነው ዘመን የሚጀምረው? ከጭረቱ በፊት የሞቱ አያቶቻቸውንስ የት ያደርጓቸዋል? ታሪክ የምታውቁ፣ ባሕረ ሐሳብ (የቤተ ክርስቲያኑን የዘመን ስሌት) የተማራችሁ፣ ዝም ብላችሁ አንባቢ የሆናችሁም፣ ያላችሁን ወርውሩ። አልቀየምም።

ባትሪ ለቀቀ

ሞባይል ጠጋኝ ነኝ፤ ታሪኩን ለባለሙያዎቹ እተዋለሁ። ግን የዘመን መነሻ ጠረጴዛዬ ላይ አያለሁ።

ባትሪው ሙጥጥ ብሎ ረጅም ጊዜ የተቀመጠ ስልክ ሲበራ ብዙ ጊዜ ቀኑን ጃንዋሪ 1 ቀን 1970 ይላል። በኛ ታኅሣሥ 23 ቀን 1962 መሆኑ ነው። ደንበኛው «ስልኬ አበደ» ብሎ ይመጣል። አላበደም። ሰዓቱ ሲጠፋበት ወደ መነሻው ነው የተመለሰው። ዩኒክስ የሚባለው ሥርዓትና የሱ ዘሮች፣ አንድሮይድ ጭምር፣ ሰከንድ የሚቆጥሩት ከዚያች ሌሊት ጀምሮ ነው።

ያን ሌሊት ምን ተፈጠረ? ምንም። መሐንዲሶቹ መጀመሪያ የያዙት መነሻ 1971 ነበር። ሰከንዱን ለ60 ከፍለው ይቆጥሩ ስለነበር ቁጥሩ በሁለት ዓመት ከጥቂት ወር ውስጥ ሞልቶ ያልቅባቸው ነበር። በኋላ አሰራሩን ለወጡ፣ መነሻውንም ወደ 1970 ጎተቱት። እህቴ፣ ቅዱስ መነሻ የሚባለው ነገር እንዲህ ተጎትቶ የመጣ ሊሆን ይችላል።

ሌላው ደግሞ፣ ይሄ ቆጠራ ማለቂያም አለው። በ32 ቢት፣ ማለትም በጠባብ የቁጥር ቦታ፣ የሚቆጥሩ አሮጌ መሣሪያዎች ላይ ቁጥሩ ሞልቶ የሚፈሰው ጃንዋሪ 19 ቀን 2038 ነው። በኛ ስትመልሱት ጥር 11 ቀን 2030፣ ከንጋቱ 12 ሰዓት ከ14 ደቂቃ። የጥምቀት ማለዳ! ታቦቱ ገና ከባሕረ ጥምቀቱ ሳይመለስ ሰዓታቸው ወደ ፈረንጆቹ 1901 ይወረወራል። አዲሶቹ በ64 ቢት ስለሚቆጥሩ አይነካቸውም።

ሸገር ላይ ሆኜ

ሃሃሃ የ2030 ጥምቀት የሚለውን ካላንደሬ ላይ አድርጌዋለሁ።

የታሪክ መምህር

እህቴ፣ የሚጎረብጥሽ ነገር ግልጽ ነው። መሥራቿ ብዙ ታውቃለች። በመጀመሪያው ቀን «ዛሬ አንድ» የሚል ሰው የለም ማለት ይቻላል። የዘመን መነሻ የሚመረጠው ኋላ ነው፤ የሆነ ሰው የሆነ ነገር ቸግሮት ወደኋላ ሲቆጥር።

ፈረንጆቹ የሚጠቀሙበትን ተመልከቺ። ዲዮናስዮስ የሚባል ሮም የነበረ መነኩሴ በ525 የፋሲካ ሠንጠረዥ ያዘጋጅ ነበር። ሐሳቡ ዘመን መጀመር አልነበረም፤ የፋሲካን ቀን ማውጣት ነበር። እስክንድርያውያን ዓመቱን የሚቆጥሩት ከዲዮቅልጥያኖስ ንግሥና ነበር። እሱ ደግሞ ክርስቲያን ያሳደደ ንጉሥ ነው። ዲዮናስዮስ ስሙን በሠንጠረዡ ላይ ማኖር አልፈለገም። በቦታው «ከጌታ መወለድ ወዲህ 525» አለ። ከዚያ ቁጥሩ ወደ ታሪክ መጻሕፍት ዘልቆ እስኪለመድ መቶ ዓመታት ፈጀ።

ግብፆቹ ያንኑ ቆጠራ አልጣሉትም። የለወጡት ስሙን ነው። የዲዮቅልጥያኖስ ዘመን የነበረው ዓመተ ሰማዕታት ሆነ። መነሻው ያው የ284 ዓ.ም. (በፈረንጅ) ኦገስት 29 ነው። ልብ በይ፣ ታላቁ ስደት የተጀመረው በ303 ነው። የሰማዕታት ዘመን አንደኛ ዓመት ላይ ያ ስደት ገና አልታሰበም። ኮፕቶች እስከ ዛሬ በሱ ይቆጥራሉ።

ከሁሉም የሚያስቀኝ የፈረንሳይ አብዮተኞች ናቸው። እነሱ እንኳ፣ «አዲስ ዘመን ጀመርን» ብለው አደባባይ የጮኹት፣ ካላንደራቸውን ያጸደቁት በኦክቶበር 1793 ነው። መነሻው ግን ሴፕቴምበር 22 ቀን 1792። አዲሱ ካላንደር ሲጸድቅ አንደኛው ዓመት አልቆ ነበር። በ1806 መጀመሪያ ላይ ናፖሊዮን አስቀረው።

ስለዚህ ምክሬ፦ መሥራቿ ዝም ትበል። የጫረችበት ምክንያት ሌላ ይሁን። ከመቶ ዓመት በኋላ የመጣ አንድ ቆጣሪ ነው «ይሄ የመጀመሪያው ነው» ያለው። ምዕራፍሽ መጻፍ ያለበት ስለዚያ ሰው ነው።

ጦቢያ ነኝ

ምንድነው ይሄ ሁሉ ፈረንጅ ፈረንጅ? የኛ ካላንደር እያለ! ፈረንጅ ነው 8 ዓመት ጨምሮ የሸወደን። ትክክለኛው የኛ ነው።

የታሪክ መምህር

ወንድሜ፣ ማንም አልሸወደም። ሁለት መነኮሳት ሁለት ስሌት ሠሩ። የኛው የእስክንድርያውን የአንያኖስን ይከተላል፤ በአምስተኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ የሠራ ነው። ከዓለም ፍጥረት እስከ ሥጋዌ 5500 ዓመት ብሎ። ዲዮናስዮስ ከሱ ወደ መቶ ዓመት ዘግይቶ ሌላ ቦታ ላይ ወደቀ። የ7 ወይም የ8 ዓመት ልዩነቱ ከዚያ ነው። ሄሮድስ የሞተው ከክርስቶስ ልደት በፊት በ4 ነው የሚሉት የታሪክ ሰዎች ልክ ከሆኑ ደግሞ፣ ሁለቱም ዘግይተዋል፤ የኛ የበለጠ።

ጦቢያ ነኝ

እንግዲህ እናንተ ምሁራን ናችሁ። እኔ በ13 ወር ጸሐዬ አልደራደርም።

አስተባባሪ

የ13 ወር ጸሐይ ክርክር የራሱ ክር አለው፤ እዚያ ቀጥሉ። እዚህ ስለ ደሴቷ።

ከድጓ ቤት

ልጄ፣ ጥያቄሽ ደስ አሰኝቶኛል። በልጅነቴ ባሕረ ሐሳብ ቀጽያለሁ፤ አሁንም እጄ ላይ አለ።

አንድ ነገር ላስታውስሽ። በኛ ትምህርት መነሻው አንድ ብቻ አይደለም። ጥንተ ዕለት አለ፣ ፍጥረት የተጀመረበት፣ እሑድ ነው። ጥንተ ቀመር አለ፣ ስሌቱ የሚነሳበት፣ ማክሰኞ ነው። ጥንተ ዮን አለ፣ ፀሐይና ጨረቃ የተፈጠሩበት፣ ረቡዕ ነው። ሦስት በር ያለው ቤት ነው። ሊቃውንቱ ለምን ሦስት እንደሆነ ሲያትቱ ውለው ያድራሉ።

ማክሰኞነቱ ለጌጥ አይደለም፣ ይሠራል። 2017ን ውሰጂ። 5500 ስትደምሪ 7517 ዓመተ ዓለም። ለ4 ስትካፈዪ 1879 ደርሶ 1 ይተርፋል፤ አንድ ሲተርፍ ዘመኑ ማቴዎስ ነው። 7517ን ከ1879 ደምሪ፣ 9396። በ7 ግደፊ፣ ማለትም ሰባት ሰባቱን ጣዪ፣ 2 ይተርፋል። አንድ ቢተርፍ ማክሰኞ፣ ሁለት ሲተርፍ ረቡዕ። መስከረም 1 ቀን 2017 ረቡዕ ነበር። ሰባት ሺህ ዘመን ወደኋላ የተተከለ ማክሰኞ ዛሬ የእንቁጣጣሽን ቀን ይነግርሻል።

መምህር ከላይ «የዘመን መነሻ ኋላ ይመረጣል» ያሉት በቁጥር ለሚሄድ እውነት ነው። ግን አመራረጡ በዘፈቀደ አይደለም። የፀሐይ ዑደት 28 ዓመት፣ የጨረቃ 19። ሲባዙ 532፤ ዐቢይ ቀመር የምንለው። ሁሉም መንኮራኩሮች አብረው የሚነሱበትን ቦታ ፈልገሽ ነው መነሻ የምትተክዪው። በመጀመሪያው ዓመት ወንበር (ከ19ኙ ዓመት የተፈጸመው) አልቦ ነው፣ አበቅቴም (የጨረቃ ትርፍ ቀን) አልቦ። በቅርቡ እንዲህ የሆነው በ2006 ነበር፤ ቀጥሎ በ2025 ይመጣል።

ስለ አያቶቻቸው ለጠየቅሽው፦ ከፍጥረት የሚቆጥር ሰው «በፊት» የሚባል የለበትም። አዳምም በቁጥሩ ውስጥ ነው። ከጭረት የሚቆጥር ግን አያቱን ውጭ አስቀርቷል። የትኛው ይሻልሻል?

የወሎው

የኔታ እንዳሉት ሁሉም መነሻ ግን ከፍጥረት አይደለም። የሂጅራውን ልጨምር፤ ከነቢዩ ወደ መዲና መሰደድ የሚቆጥረውን።

በዘገባው እንደሚታወቀው፣ በሰይዲና ዑመር (ረ.ዐ.) ጊዜ ገዢዎች የሚመጣላቸው ደብዳቤ ወር እንጂ ዓመት አልነበረውም። «ሻዕባን» ይላል። የትኛው ሻዕባን? ያለፈው ወይስ የሚመጣው? ሰሐቦች ተሰብስበው መከሩ። ከነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ልደት እንቁጠር የሚል ነበረ፣ ከሌላም። ሂጅራው ላይ ተስማሙ። ይሄ ሂጅራው ከሆነ ከ16 ወይም 17 ዓመት በኋላ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር አለ፣ ለልቦለድሽ ይጠቅማል። ነቢዩ መዲና የገቡት በረቢዕ አል-አወል ነው። ዓመቱ ግን የሚጀምረው በሙሐረም ስለሆነ የቆጠራው የመጀመሪያ ቀን ከጉዞው በፊት ይውላል፤ በፈረንጆቹ ጁላይ 622 አጋማሽ ላይ። ስለዚህ ዘመኑ የሚጠራበት ክስተትና ዘመኑ የሚጀምርበት ቀን አንድ አይደሉም። ማንም በዚህ ተቸግሮ አያውቅም። ጥላ ጠባቂዎችሽም ጭረቷን የሚያከብሩበት ቀንና አዲስ ዓመታቸው የግድ አንድ ቀን ይሁን አትበዪ።

ደብዳቤው የሚለው ነገር ራሱ ጥሩ ነው። ጨው ቆራጮቹ ዕዳ አለባቸው አይደል? «በሚቀጥለው ዝናብ እከፍላለሁ» ያለ ሰውዬ የትኛውን ዝናብ ነው ያለው?

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

ኧረ እናንተ ሰዎች! ይሄን ሁሉ አልጠበቅኩም።

የኔታ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ሦስት በር የሚለውን እወስዳለሁ። አያቶቹን ግን ውጭ ማስቀረት ነው የምፈልገው፤ ታሪኩ የሚነሳው ከዚያ ነው። ከጭረቱ በፊት የሞተች አንዲት ሴት አለች፣ ልጇ «እናቴን ስንተኛው ቀን ላይ ነው የማስባት?» ብሎ ይጠይቃል። መልስ የላቸውም። ማኅበሩ የሚሰነጠቀው በዚህ ነው።

መምህር፣ የእርስዎ ሐሳብ ግን እያስቸገረኝ ነው። ወደኋላ የቆጠረ ሊቅ ካመጣሁ ልቦለዱ የቢሮ ስብሰባ ይሆንብኛል። መሥራቿ እናት ከሌለች ምን ቀረኝ?

ዘገየሁ መሰለኝ

እኔ ሦስተኛ መንገድ አለኝ። ከመሥራቿም ከሊቁም የተሻለ።

ከታላቁ እስክንድር በኋላ ባቢሎንን የያዘው ሰሌውቆስ ነበር። በዚያ ዘመን ዓመት የሚቆጠረው በንጉሥ ነው፤ እገሌ በነገሠ በ5ኛው ዓመት፣ በ6ኛው ዓመት። ንጉሥ ሲሞት ቁጥሩ እንደገና ከአንድ ይነሳል። የኛም ዜና መዋዕሎች «በነገሠ በዚህን ያህል ዓመት» ማለት ይወዳሉ። ሰሌውቆስ በ281 ቅድመ ልደት ተገደለ። ልጁ አንቲዮኮስ ዙፋኑን ሲይዝ ቁጥሩን ወደ አንድ አልመለሰውም። ቀጠለ። በቃ። በታሪክ ውስጥ ንጉሥ ሲሞት የማይሞት፣ ሳይቋረጥ የሚሄድ የዓመት ቆጠራ የተወለደው እንዲህ ነው። መነሻው 312 ወይም 311 ቅድመ ልደት ነው፤ ከዚያ ሰሌውቃውያን ጠፍተው እንኳ ሕዝቡ በሱ ሲቆጥር ኖረ። የየመን አይሁዶች እስከ ቅርብ ዘመናት ድረስ ተጠቅመውበታል።

ስለዚህ የጨው ደሴት፣ መሥራቿን አታንሻት። ትጫር። ለራሷ ትቁጠር፣ ደሴቱ ላይ የኖረችበትን ቀን እንደሚቆጥር እስረኛ። እሷ ስትሞት ሁሉም ሰው ተተኪዋ ድንጋዩን ፍቃ ከአንድ ትጀምራለች ብሎ ይጠብቃል። ወጉ እንዲያ ነው። ሁለተኛዪቱ ግን ሄዳ ከመጨረሻው ጭረት ቀጥላ ጫረች። ዘመን የተጀመረው ያን ቀን ነው። የመጀመሪያውን ጭረት መነሻ ያደረገችው እሷ ናት።

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

ይሄን አንብቤ ተነስቼ ቤት ውስጥ ተንጎራደድኩ።

የታሪክ መምህር

እኔም እቀበላለሁ። ቢሮም የለበት፣ ስብሰባም የለበት። አንድ ነገር ልጨምርበት፦ ቀጥሎ የሚመጣ ሰው ዓመቱን ቢረሳስ? በድሮ ብራናዎቻችን ላይ ዓመተ ምሕረት የሚለው አንዳንዴ የኔታ ባሉት የ532 ዓመት ቀመር ውስጥ ያለውን ቁጥር ብቻ ነው። ቀመሩ ሲያልቅ ከአንድ ይነሳል። አጥኚው ስንተኛው ቀመር ላይ እንደሆነ ከሌላ ነገር ካላወቀ በ532 ዓመት ይስታል። ለተንኮለኛ ገጸ ባሕርይ የሚሆን ነገር ነው።

ጥላ ለኪ

ሰላም። የሥነ ፈለክ ነገር ስለምወድ ወደ በትሩ ልመልሳችሁ። እስካሁን ማንም አላነሳውም፤ ጥላ የሌለበት ቀን በዓመት ሁለቴ ነው የሚመጣው።

ደሴትሽን የትም አድርጊያት፣ በአዲስ አበባ ኬክሮስ ላይ ናት እንበል። እዚህ ፀሐይ እኩለ ቀን ላይ ልክ አናት ላይ የምትቆመው ሚያዝያ 5 አካባቢና ነሐሴ 24 አካባቢ ነው። በሁለቱ መሐል ደግሞ የእኩለ ቀን ጥላ ወደ ደቡብ ይወድቃል፤ በቀረው የዓመቱ ክፍል ወደ ሰሜን። ቀጥ ያለ ዘንግ ተክሎ ያየ ሰው ይገባዋል። ሰዓቱ ታዲያ የግድግዳው 6 ሰዓት ላይሆን ይችላል፤ ጥላው በጣም ያጠረበትን ቅጽበት ነው የሚጠብቁት።

እንግዲህ መሥራቿ የጫረችው በየትኛው ነው? በጸሐዩ ወቅት ነው ወይስ በዝናቡ? ክረምት ላይ ከሆነ ደመናው መቼ ፀሐይ ያሳያል? አንዱ ወገን «ሰማይ ተከፍቶላት ነው፣ ተአምር ነው» ይላል። ሌላው «በበጋው ነው፣ አታጋንኑ» ይላል። ድንጋዩ ላይ ጭረት እንጂ ወር አልተጻፈም። መጣላት ከፈለጉ የእናትየዋን ነገር መጠበቅ አያስፈልጋቸውም።

አንድ ጥያቄ፦ ዓመታቸው ስንት ቀን ነው?

ከድጓ ቤት

መልካም ብለሃል ልጄ። ጥላ በጫማ ለክቶ ሰዓት ማወቅ በየደብሩ የነበረ ነው። የዐቢይ ጾም ቅዳሴ መግቢያ በጥላ ነበር የሚታወቀው። መሬቱ ደልዳላ ካልሆነ ያሳስታል።

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

364 ቀን። ከመጽሐፈ ሄኖክ ነው የወሰድኩት። ሙሉው በግእዝ ብቻ የተረፈልን መጽሐፍ ስለሆነ ለኛ አንባቢ ይቀርባል ብዬ። ደግሞ ቁጥሩ ያምራል፤ 91 ቀን አራት ጊዜ።

በነገራችን ላይ ምዕራፍ 9 ላይ የጭረቷ በዓል ለመጀመሪያ ጊዜ እሑድ ላይ ይውላል፣ ሁሉም ሰው ይደነግጣል። ታሪኩ የሚፈጸመው በ291ኛው ዓመት ነው።

ጥላ ለኪ

ወይ ጣጣ። እሑዱ አይሆንም።

364 በ7 እኩል ይካፈላል፣ 52 ሳምንት። ሄኖክ ላይ ቁጥሩ ያማረው ለዚያ ነው። ማንኛውም በዓል ለዘላለም በአንድ ቀን ላይ ነው የሚውለው። መሥራቿ ሐሙስ ከጫረች በዓሉ ሁሌ ሐሙስ ነው። ምዕራፍ 9ን ይቅርታ።

ግን በምትኩ የሚገርም ነገር እሰጥሻለሁ። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ከሩብ ሊሞላ ትንሽ የቀረው ነው። የነሱ 364። በየዓመቱ በዓሉ ከፀሐይ በአንድ ቀን ከሩብ ገደማ ቀድሞ ይመጣል። በመጀመሪያው ዓመት ማንም አያየውም። በ30ኛው ዓመት በዓሉ ከጥላ አልባው ቀን በ37 ቀን ርቋል። ጫማቸውን አውልቀው ቅዱሱ ድንጋይ ላይ ይቆማሉ፤ እኩለ ቀን ይሆናል፤ በትሩ ጥላ አለው። በ73ኛው ዓመት ልዩነቱ ሦስት ወር ሆኗል። ቦታው አለ፣ ቀኑ አለ፣ ምልክቱ ግን ጥሏቸው ሄዷል።

አሁን ደግሞ ሁለቱን ጥላ አልባ ቀኖች አስቢ። የጫረችው በነሐሴው ከሆነ በዓሉ ወደኋላ እየሸሸ ሄዶ በ110 ዓመት ገደማ የሚያዝያው ላይ ያርፋል። ጥላው ይጠፋል! «ተመለሰልን!» ብለው እልል ይላሉ። የተመለሰው ግን ሌላው ነው። በሚያዝያው ከሆነ የጫረችው ይሄ ነገር የሚመጣው በ180ዎቹ ውስጥ ነው።

እውነተኛው መመለስ መቼ ነው? 294 ዓመት በነሱ አቆጣጠር 107,016 ቀን ነው። 293 የፀሐይ ዓመትም 107,016 ቀን ነው፤ ክፍልፋዩ እንኳ ከአንድ ሰዓት አይበልጥም። ታሪክሽ በ291 ነው የሚፈጸመው አልሽ። ሦስት ዓመት ብቻ ቀርቷቸዋል፤ የሚያውቅ ካለ።

ሸገር ላይ ሆኜ

እኔ እንጃ፣ ይሄን ልቦለድ ሳይታተም ገዝቼዋለሁ።

የወሎው

ቆይ፣ ይሄ ማለት በየቀኑ የሚጭሩት ሰዎች ልዩነቱን ያውቃሉ ማለት አይደለም? ጥላውን በየቀኑ እያዩ?

ጥላ ለኪ

ያውቃሉ፣ ያውም በጥቂት ዓመት ውስጥ። ጥያቄው አውቀው ምን ያደርጋሉ ነው። ካላንደሩን ቢያርሙ መሥራቿ ተሳስታለች ማለት ነው። ዝም ቢሉ ጨው ቆራጮቹ አንድ ቀን በዓል ላይ ይመጣሉ፣ ጥላውን በዓይናቸው ያያሉ። እኔ ብሆን የበዓሉን ቅጽበት ወደ ሌሊት ባዛውረው ነበር። ሌሊት ጥላ የለም።

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

ሌሊት!! ወሰድኩት። በዓሉ ሌሊት ነው። ለምን ሌሊት እንደሆነ የሚያውቁት እናቶቹ ብቻ ናቸው።

ተንኮለኛዋንም አገኘኋት። 291ኛው ዓመት ላይ አንዷ ወጣት ቆጣሪ ስሌቱን ትደርስበታለች። በ294ኛው መጨረሻ በዓሉን ወደ ቀን ብትመልሰው ተአምር አደረገች ይባላል። ሁለተኛዪቱ እናት እንዳደረገችው መቀጠል ነው ወይስ «ዛሬ አንድ» ማለት? እዚያ ላይ ነው የማስጨንቃት።

አንድ ነገር ብቻ አጣሩልኝ። ልጅቷ ድንጋዩን ትቆጥራለች። ያን ቀን ጠዋት የምታገኘው 107,016 ጭረት ነው ወይስ 107,017?

ባትሪ ለቀቀ

በኛ ሙያ ከዜሮ ነው የሚቆጠረው። የመጀመሪያዋ ጭረት ዜሮ ናት። ያን ቀን የምትጭረው 107,016 ቁጥር ናት።

ከድጓ ቤት

ልጄ ባትሪ ለቀቀ፣ ድንጋይ ላይ የተጫረ ዜሮ አይባልም፤ በጣት የሚዳሰስ ነው። ጠዋት ላይ ስትቆጥር 107,016 ታገኛለች። እኩለ ቀን ላይ የራሷን ስትጨምር 107,017 ይሆናል። እኛ ወንበር ስናወጣ ከዓመቱ አንድ የምንቀንሰው ለዚሁ ነው፤ የተያዘው ዓመት ገና አልተፈጸመምና። ስለዚህ ያለፈውን ከፈለገች ከጭረቶቹ አንድ ትተው።

የታሪክ መምህር

ያቺን አንዷን ጭረት ለማን እንደሚሰጧት ግን ይጣሉባት። መሥራቿን እንደ ቀን አንድ የሚቆጥሩና እንደ መነሻ ብቻ የሚቆጥሩ ሁለት ወገኖች። በዓሉን በአንድ ቀን ልዩነት ያከብራሉ።

የጨው ደሴት (ጠያቂ)

ይጣላሉ። የቀን አንዶቹ የደሴቱን ምሥራቅ ይይዛሉ፣ የመነሻዎቹ ምዕራቡን። ልጁ እናቱን የትኛው ቀን ላይ እንደሚያስባት አሁን ገባኝ፤ ምዕራቦቹ ዘንድ ሄዶ ነው የሚጠይቀው፣ እነሱ ጋ ከአንድ በፊት የሚቀመጥ ቦታ አለና።

ምዕራፍ 9 ተሰርዟል። እሑዱም አብሮ ሄዷል።